ዕድሉ ወጣለት የተባለው ማርቼሎ

ፊልሙ የሚጀምረው በውሻ ነው። ነጭ፣ ደረተ ሰፊ፣ ጥርሱን ያገጠጠ ውሻ። አንገቱ በሰንሰለት ታስሯል። ካሜራው ከፊቱ ላይ ንቅንቅ አይልም። ውሻው ይጮኻል፣ ይወረወራል፣ ሰንሰለቱ መልሶ ይይዘዋል። ከዚያ አጠር ያለ ኮስማና ሰው ብቅ ይላል። እጀታው ረጅም የሆነ መወልወያ ይዟል። ራቅ ብሎ ይቆምና እጁን ዘርግቶ ውሻውን በመወልወያው ማጠብ ይጀምራል። «የኔ ፍቅር» ይለዋል፣ በቀጭን ድምፅ። ውሻው ሊነክስ ይዘላል። ሰውየው አይቆጣም፣ ጥሎትም አይሄድም። ትንሽ ቆይተን ስናየው ያ አውሬ የፀጉር ማድረቂያው ሙቅ አየር እየነፈሰበት ፀጥ ብሏል።

ሰውየው ማርቼሎ ፎንቴ ይባላል። ፊልሙ የጣሊያናዊው ዳይሬክተር የማቴዮ ጋሮኔ «ዶግማን» ነው፤ 2018። (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።) በዚያው ዓመት ግንቦት ላይ ማርቼሎ የፈረንሳዩን የካን ፊልም ፌስቲቫል የምርጥ ወንድ ተዋናይ ሽልማት ወሰደ። በማግስቱ ጋዜጣው ሁሉ በአንድ አፍ የተናገረ ይመስል ነበር። አንድ ጥበቃ ድንገት ተገኘ፣ ኮከብ ሆነ። በኛ አፍ ዕድሉ ወጣለት ማለት ነው።

ይህ አተራረክ ያናድደኛል። ዕድል የለም እያልኩ አይደለም፤ ኧረ አለ። ግን የሰውየውን ታሪክ ትንሽ ወደ ኋላ ሄዳችሁ ካያችሁት፣ ማርቼሎ እስከዚያች ቀን ድረስ ከካሜራና ከመድረክ አጠገብ ያልጠፋ ሰው ነበር። የሚያየው ነው ያጣው።

የተወለደው በ1978 ሜሊቶ ዲ ፖርቶ ሳልቮ ነው። ካርታ ላይ የጣሊያንን ጫማ ብትፈልጉ ጣቱ ጫፍ ላይ ታገኙታላችሁ። ያደገው እዚያው ካላብሪያ፣ ሬጆ ከተማ ዳር፣ አርኪ በሚባል ሰፈር ነው። ስሙ በበጎ የማይነሳ ሰፈር ነው። ቤታቸው ጣሪያው ቆርቆሮ የሆነ ደሳሳ ጎጆ ነበር። ሃያዎቹን ሲጀምር ወደ ሮም ወጣ። የደቡብ ጣሊያን ልጅ ወደ ሰሜን እንጀራ ፍለጋ መሄዱ ለነሱ አዲስ ነገር አይደለም።

ሮም ውስጥ ያገኘውን ሁሉ ሠራ። አሜሪካዊው ዳይሬክተር ማርቲን ስኮርሴዚ የድሮዋን ኒውዮርክ ቺኔቺታ ስቱዲዮ ውስጥ አስገንብቶ ሲቀርጽ፣ ማርቼሎ ከኤክስትራዎቹ አንዱ ነበር። ኤክስትራ ማለት ምን እንደሆነ የቀረጻ ቦታ ያየ ያውቀዋል። ከንጋቱ ጀምሮ ልብስ ለብሰህ ትጠብቃለህ። «ሂድ» ሲሉህ ትሄዳለህ፣ «ቁም» ሲሉህ ትቆማለህ። የቀን አበልህን ተቀብለህ ወደ ቤትህ ትገባለህ። ከዚያ በኋላም እዚህ አንድ መስመር፣ እዚያ ሁለት መስመር እያገኘ ትንንሽ ሚናዎችን ተጫወተ።

በ2015 ደግሞ ከፓኦሎ ትሪፖዲ ጋር ሆኖ የራሱን ፊልም ሠራ። የጣሊያንኛ ርዕሱ ወደኛ ሲመጣ «አህያ ይበራል» ይሆናል። የሰፈሩ ማርሽ ባንድ ውስጥ ገብቶ ከበሮ መምታት የሚመኝ የካላብሪያ ድሃ ልጅ ታሪክ ነው። የማን ልጅነት እንደሆነ መጠየቅ አያስፈልግም። ፊልሙ ስዊዘርላንድ ሎካርኖ ፌስቲቫል ላይ ታይቷል። እንግዲህ ከካን ሦስት ዓመት በፊት ሰውየው ፊልም ጽፎ፣ ዳይሬክት አድርጎ፣ ስሙ ባለው ፌስቲቫል አሳይቷል። «ድንገት የተገኘው ጥበቃ» የሚለው ወሬ ውስጥ ይህች የለችም።

ጥበቃነቱ ግን እውነት ነው። ሮም ውስጥ ሳን ሎሬንዞ የሚባል የተማሪና የሠራተኛ ሰፈር አለ። እዚያ አንድ አሮጌ ሲኒማ ቤት ነበር፣ ፓላሶ የሚሉት። በ2011 ቁማር ቤት ሊያደርጉት ነው ሲባል ነዋሪው፣ ተማሪውና አርቲስቱ ተባብሮ ገባና ያዘው። የዚያን ዓመት ሰኔም ሥራ ያጡ የመድረክ ባለሙያዎች የሮማን ጥንታዊ ቲያትር ቤት፣ ቫሌን፣ ይዘው ለሦስት ዓመት አልለቅም ብለዋል። ጊዜው እንደዚያ ነበር። መንግሥት የባህል በጀት ይቆርጣል፣ አርቲስቱ ሕንፃ ይይዛል። ማርቼሎ ፓላሶ ውስጥ ይኖር፣ ቤቱንም ይጠብቅ ነበር። ይከፍታል፣ ይዘጋል፣ የተበላሸውን ይጠግናል።

እዚያ ቤት የቀድሞ እስረኞች የትያትር ቡድን ልምምድ ያደርግ ነበር። ማርቼሎ ቁጭ ብሎ ያያቸዋል። ከተዋናዮቹ አንዱ በድንገት ሞተ። ቦታውን ማን ይሙላ? ሁልጊዜ ጥግ ላይ የሚቀመጠው ጥበቃ ቃለ ተውኔቱን በቃሉ ይዞታል። ገባ። ለ«ዶግማን» ሰው ሲፈልጉ የነበሩትም ያገኙት በዚህ ቡድን መሃል ነው።

እኔ ይህን ሳነብ የሰፈራችን የቀበሌ ኪነት ክበብ ትዝ አለኝ። እዚያም እንዲህ ያለ ልጅ ነበር። ሚና አይሰጠውም። ወንበር ይደረድራል፣ መጋረጃ ይስባል፣ ሻይ ያመጣል። ግን ዋናው ተዋናይ ቃሉ ሲጠፋበት ሁሉም የሚያየው ወደሱ ነው። የሁሉንም ቃል፣ የሴቶቹን ጭምር፣ ያውቃል። ክበቡ ሲፈርስ ልጁም ሄደ፣ የት እንደደረሰ አላውቅም። የኛን ክበብ በር ያንኳኳ ዳይሬክተር አልነበረም። ለዚህ ነው ዕድል የለም የማልለው።

ወደ ጋሮኔ ልመለስ። ጋሮኔ ሥዕል የተማረ ሰው ነው፤ ካሜራውን ራሱ ይይዛል። «ዶግማን»ን ከአሥር ዓመት በላይ ሲያውጠነጥነው ቆይቷል። መነሻው በ1988 ሮም ውስጥ የተፈጸመ፣ ጣሊያንን ያስደነገጠ ግድያ ነው። አንድ ውሻ አጣቢ ያሰቃየው የነበረን የቀድሞ ቦክሰኛ ገደለ። ዋናውን ሚና ጋሮኔ ከዓመታት በፊት አስቦት የነበረው ለኮሜዲያኑ ለሮቤርቶ ቤኒኒ ነው። አልሆነም። በኋላ ካን ላይ ሽልማቱን መድረክ ላይ ለማርቼሎ የሰጠው ማን ቢሆን ጥሩ ነው? ራሱ ቤኒኒ። እንዲህ ያለውን ግጥጥሞሽ ስክሪፕት ውስጥ ብታስገቡት ፕሮዲውሰሩ «ተጋነነ» ብሎ ያስወጣዋል።

መድረኩ ላይ ማርቼሎ የተናገረው ነገር እኛ አገር ለሚያነብ ሰው ማብራሪያ አይፈልግም። ልጅ ሳለ፣ ዝናብ ቤታቸው ቆርቆሮ ላይ ሲወርድ፣ ዓይኑን ጨፍኖ ጭብጨባ ነው ብሎ ያስብ እንደነበር ነገራቸው። አሁን ዓይኑን ሲከፍት ጭብጨባው እውነት ሆኖ እናንተን አገኘሁ አላቸው። አዳራሹ ተነሥቶ አጨበጨበ። የካን እንግዶች ምን ያህሉ ቆርቆሮ ሥር ተኝተው እንደሚያውቁ እንጃ። የሐምሌን ዶፍ ቆርቆሮ ሥር ያሳለፈ ሰው ግን ድምፁን ያውቀዋል። ሬዲዮ አያሰማም፣ ጨዋታ አያስጨርስም። ያንን ጭብጨባ ነው ብሎ መስማት የሚችል ልጅ ተዋናይ ባይሆን ነበር የሚገርመኝ።

አሁን ስለ ትወናው ላውራ፤ ዋናው ጉዳይ እሱ ነውና።

ማርቼሎ የሚጫወተው ሰው ስሙም ማርቼሎ ነው። ውሻ ያጥባል፣ ልጁን ይወዳል፣ ከጎረቤቶቹ ጋር ኳስ ይጫወታል፣ ጎን ለጎን ትንሽ ኮኬይን ይሸጣል። ሲሞኔ የሚባል ጉልቤ ያንገላታዋል። ሲሞኔን የሚጫወተው ኤዶአርዶ ፔሼ ነው፤ በሩን ሲያልፍ ክፍሉ የሚጠብ ግዙፍ ሰው። አንድ ሌሊት ሲሞኔና ጓደኛው ማርቼሎን ሾፌር አድርገው ቤት ይዘርፋሉ። ሲመለሱ መኪና ውስጥ እየሳቁ ያወራሉ፤ የቤቱ ትንሿ ውሻ ስትጮህባቸው ፍሪዘር ውስጥ ከተዋታል። ማርቼሎ ምንም አይልም። ምን ሊል ይችላል? ሰዎቹን ያደርሳል። ከዚያ ብቻውን ይመለሳል። ግድግዳ ቧጦ ይወጣል፣ ወደተዘረፈው ቤት ይገባል፣ ፍሪዘሩን ይከፍታል። ደርቃለች። ውኃ ያፈስባታል፣ በመዳፉ ያሻታል፣ ያናግራታል። ፖሊስ በየትኛውም ደቂቃ ሊመጣ ይችላል። እሱ ግን በሰዓቱ ሌላ ዓለም የለውም፣ ያቺ ውሻ ብቻ ናት ያለችው። እግሯን ስታንቀሳቅስ ፊቱ ላይ የሚታየውን ነገር ትወና ትምህርት ቤት የሚያስተምሩት አይመስለኝም።

እዚህ ላይ «ራሱን ነው እኮ የተጫወተው» የሚል ሰው አይጠፋም። አልስማማም። ፊልሙ እየገፋ ሲሄድ ያው ሰው ጭካኔ ይሠራል። ለውሾቹ ያለው ገርነት ሳይለወጥ፣ በዚያው እጅ፣ በዚያው ድምፅ ነው የሚሠራው። የጉልቤውን ኃጢአት ተሸክሞ እስር ቤት ገብቶ ሲወጣ ትከሻው ሌላ ትከሻ ሆኗል። ጎረቤት ፊት ሲያዞርበት ፈገግ ለማለት ይሞክራል፣ ፈገግታው መሃል ላይ ይቀራል። ጥበቃም ሁን ባለዲፕሎማ ይህን ያለ ልፋት አታመጣውም። ብዙዎች ፊቱን ከጥንቱ ኮሜዲያን ከበስተር ኪተን ጋር ያመሳስሉታል። የድምፅ አልባው ዘመን ፊት አለው፣ እውነት ነው። ለኔ ግን ድምፁ ይበልጣል።

ድምፁን ያነሳሁት በምክንያት ነው። ጣሊያኖች ድምፅ መቀየር ባህላቸው ነው። አብዛኛው የውጭ ፊልም በጣሊያንኛ ተደርቦ ነው የሚታየው። ለረጅም ጊዜ የገዛ ፊልማቸውንም ድምፅ በኋላ ስቱዲዮ ውስጥ ይሞሉት ነበር። ዳይሬክተሩ ፓዞሊኒ በ1961 ፍራንኮ ቺቲ የሚባል የሮም ድሃ ሰፈር ልጅ፣ ቤት ቀቢ የነበረ፣ በመጀመሪያ ፊልሙ ላይ ዋና ተዋናይ አደረገው። የሚገርም ፊት ነው። ፊልሙ ላይ የምትሰሙት ድምፅ ግን የቺቲ አይደለም፣ ፓኦሎ ፌራሪ የሚባል ባለሙያ ተዋናይ ነው። ድሃው ፊቱን ሰጠ፣ ለድምፁ ሌላ ሰው ተጠራ። ማርቼሎ ግን ያ የሚሰባበር ቀጭን ድምፁ፣ ከነካላብሪያ ቅላጼው፣ እንዳለ ካን ደረሰ።

ቺቲ እንኳ በስተኋላ ደህና ሥራ አገኘ። «ጎድፋዘር» ላይ ከማይክል ጋር ሲሲሊ ውስጥ የሚዞረው ጠባቂ እሱ ነው። የኔን ሆድ የሚያባባው ላምቤርቶ ማጆራኒ ነው። በ1948 ቪቶሪዮ ዴ ሲካ «የብስክሌት ሌቦች»ን ሲሠራ አሜሪካዊ ፕሮዲውሰር ካሪ ግራንትን ዋና ተዋናይ ካደረግህ ገንዘብ አለ ብሎት ነበር። ዴ ሲካ እምቢ አለና የብሬዳ ፋብሪካ የቶርኖ ሠራተኛ የነበረውን ማጆራኒን ወሰደ። ፊልሙ ዓለምን አዳረሰ። ማጆራኒ የተከፈለው 600 ሺህ ሊሬ ነበር። ወደ ፋብሪካው ተመለሰ። ብዙም ሳይቆይ ሠራተኛ ሲቀነስ እሱም ተቀነሰ። ባልደረቦቹ ሚሊየነር ሆኗል ብለው ያስቡ ነበር። ግንበኝነት ሠራ፣ የፊልም በር አንኳኳ፣ የሚሰጡት ግን ብልጭ ብሎ የሚጠፋ ሚና ነበር። በ1962 በፓዞሊኒ «ማማ ሮማ» ላይ ሆስፒታል የተኛ በሽተኛ ሆኖ ታገኙታላችሁ። ሌባ ሬዲዮውን ሊወስድበት ይመጣል። ብስክሌት የተሰረቀበት ሰው አሁንም ይሰረቃል። ፓዞሊኒ ሆን ብሎ ነው ያደረገው፤ የሲኒማ ቀልድ ነው። እኔ ግን አያስቀኝም።

ሌላም ሰው ልጨምር፤ እሱን ካላነሳሁ ጽሑፉ ጎደሎ ነው። አኒየሎ አሬና። ቶስካና ውስጥ ቮልቴራ የሚባል ከተማ የድሮ ምሽግ እስር ቤት ሆኖ ያገለግላል። አርማንዶ ፑንዞ የሚባል ዳይሬክተር ከ1988 ጀምሮ እዚያ ከእስረኞች ጋር ትያትር ይሠራል። አሬና ዕድሜ ልክ የተፈረደበት የኔፕልስ ሰው ነው። ትያትርን ያገኘው እዚያ ነው። ጋሮኔ «ጎሞራ» ለሚባለው ፊልሙ ፈልጎት ፈቃድ ተከለከለ። በ2012ቱ «ሪያሊቲ» ግን ተፈቀደለትና ዋናውን ሚና ተጫወተ። ቀን ቀረጻ፣ ማታ ክፍሉ። ፊልሙ ካን ላይ ትልቁን የዳኞች ሽልማት ሲወስድ ዋናው ተዋናይ አዳራሹ ውስጥ አልነበረም። «ዶግማን» ላይም አለ። የሚጫወተውን ስነግራችሁ እንዳትስቁ፤ የፖሊስ መርማሪ ሆኖ ነው።

ቀረጻው የተካሄደበት ቦታም ተዋናይ ነው ማለት ይቻላል። ካስቴል ቮልቱርኖ፣ ከኔፕልስ በላይ፣ ባሕር ዳር። ውስጡ ቪላጆ ኮፖላ የሚባል መንደር አለ። በ1960ዎቹ የመዝናኛ ከተማ ይሆናል ተብሎ፣ አብዛኛው ያለ ፈቃድ፣ የተገነባ ነው። አሁን ሕንፃው ተልጧል፣ አሸዋው መንገዱን በልቶታል። ጋሮኔ በ2002ም እዚሁ ፊልም ሠርቷል። አካባቢው ብዙ አፍሪካዊ ስደተኛ ይኖርበታል፣ ቲማቲም ለቃሚ፣ የቀን ሠራተኛ። ሚርያም ማኬባ በኅዳር 2008 የዘፈነችው የመጨረሻ ኮንሰርት እዚያ ነው፤ ከመድረክ እንደወረደች ወድቃ በዚያው ሌሊት አረፈች። በ1963 አዲስ አበባ የአፍሪካ አንድነት ድርጅት ሲመሠረት የዘፈነችው ማኬባ ማለቴ ነው። ከፊልሙ ጋር ግንኙነት የለውም፤ ግን ያንን ባሕር ዳርቻ ሳይ ሁሌ እሷ ነች ትዝ የምትለኝ።

ከሽልማቱ በኋላስ? ሰው ሁሉ የሚጠይቀው ይህንን ነው። ታኅሣሥ 2018 የአውሮፓ ፊልም ሽልማት ላይም ምርጥ ተዋናይ ተባለ። አገር ቤት ግን ነገሩ ሌላ ነው። በ2019 በጣሊያኖቹ ትልቅ ሽልማት፣ ዳቪድ ዲ ዶናቴሎ፣ «ዶግማን» ዘጠኝ ሽልማት ጠራረገ፤ ምርጥ ፊልም፣ ምርጥ ዳይሬክተር፣ ምርጥ ረዳት ተዋናይ ለፔሼ። የዋና ተዋናዩ ግን ለአሌሳንድሮ ቦርጊ ሄደ። ቦርጊ የሚገባው ተዋናይ ነው፣ አልከራከርም። ብቻ በዚያ ሁሉ ዋንጫ መሃል ፊልሙን የተሸከመው ሰው ባዶ እጁን መቅረቱ ይገርማል።

ሥራውን አላቆመም። «አስፕሮሞንቴ» የሚባል ፊልም ላይ የካላብሪያ ተራራ መንደር ገጣሚ ሆኖ ተጫወተ። ከትልልቁ ንግድ ውጭ የሚሠሩ ፊልሞች ላይ እዚህም እዚያም ታዩታላችሁ። ሆሊውድ አልገባም። አንዳንዱ ይህን «ወደቀ» ብሎ ያነበዋል። እኔ እንደዚያ አላየውም። የዚህ ዓይነቱ ሲኒማ መሰላል የለውም። በጀቱ ከባህል ሚኒስቴር ትንሽ፣ ከመንግሥት ቴሌቪዥኑ ከራይ ትንሽ፣ ከክልል ፊልም ኮሚሽን ትንሽ፣ ከፈረንሳይ ሸሪክ ትንሽ ተለቃቅሞ ነው የሚሞላው። አንድ ፊልም ሲያልቅ ተዋናዩ እንደገና ከዜሮ ይነሣል። ፈረንሳይ በሥራና በሥራ መሃል ላለው ባዶ ጊዜ ለአርቲስቶቿ የምትከፍለው ድጎማ ከቆየ ሰንብቷል፤ ጣሊያን ወደዚያ የተጠጋችው ገና በቅርቡ ነው። ስለዚህ የጣሊያን ትንሽ ፊልም ተዋናይ ማለት ያስተምራል፣ ትያትር ይሠራል፣ ለሌላ ሰው ፊት ድምፅ ይሰጣል፣ ስልክ ይጠብቃል። ከሽልማት በፊትም በኋላም።

ፓላሶ ሲኒማ ቤትም ከማርቼሎ ሽልማት ብዙም አላተረፈም። በኅዳር 2020፣ ሲኒማ ቤቶች በኮሮና ተዘግተው ሳሉ፣ ፖሊስ መጥቶ ቤቱን አስለቀቀ፣ አሸገውም። ያ ሁሉ ጋዜጣ «ከዚህ ቤት የወጣ ኮከብ» ብሎ የጻፈለት ቤት ነው።

«ዶግማን»ን ለማየት ያሰባችሁ ካላችሁ ልጆች አጠገብ አትክፈቱት፤ ሁለተኛው አጋማሽ ይከብዳል። ግድያ ማየት የማይችል ሰው የፍሪዘሩን ክፍልና የውሻ ቁንጅና ውድድሩን አይቶ ቢያቆምም አይከስርም። ሌላው ደግሞ፣ በሌላ ቋንቋ የተደረበውን ትታችሁ ጣሊያንኛውን ከነጽሑፉ ፈልጉ። ድምፁ ከተቀየረ ግማሹ ማርቼሎ የለም።